የሐሙስ ሙሽሪት ነጭ ጫማ

ላፓሃ፣ ቶንጋ
ማርች 9 ቀን 1986

ለክብርት አክስቴ ለቶአካሴ፣

እስትንፋሳችንን ሳይነሳ እዚች ቀን ላይ ያደረሰን ጌታ ይመስገን። እርስዎንም በባዕድ አገር ከብርድና ከክፉ አሠሪ ይጠብቅልን። እኛ ሁላችን ደኅና ነን። አባቴ ሳሚዩ ከወገቡ በቀር ደኅና ነው፤ ወገቡም ቢሆን ቦዬ ሲተከል ያመዋል እንጂ ቦዬ ሲበላ ይተወዋል።

ልጅዎ አካኔሲ ደኅና ናት። የአባቴ እህት ልጅ ናትና ቤታችን ውስጥ የጠየቀችው አይከለከልም፤ የግልገል አሳማው ጀርባ የእሷ ነው፣ እኛ ጆሮውን እንቆረጥማለን። ታናሽ ወንድሜ ሎሴሊ ጺም ማብቀል ስለጀመረ እንደ ደንቡ አልጋውን ይዞ ጓሮ ያለው የወንዶች ጎጆ ገብቷል። እህቱ አካኔሲ ካለችበት ጣራ ሥር ማደር ቀርቶ፣ እሷ ሬዲዮ ስትከፍት እሱ ውጭ ሆኖ በመስኮት ነው የሚሰማው። በዚህ በኩል አሳብ አይግባዎት።

አሁን ወደ ጉዳዬ ልግባ። ሥራ አግኝቻለሁ። በየሁለት ሳምንቱ ሐሙስ መርከብ ይመጣል፤ ከተማ ያለ አንድ ባለ አውቶብስ ቀጥሮኝ እንግዶቹን ከምሳ በኋላ አዞራቸዋለሁ። መጀመሪያ የድንጋዩን በር፣ ቀጥሎ የእኛን የነገሥታት መቃብር፣ ከዚያ ባሕሩ በድንጋይ ቀዳዳ ሽቅብ የሚተፋበትን ዳርቻ ያያሉ። ማሳረጊያው ባሕር ዳር ላይ ምግብና ባህል ነው። በፕሮግራሙ ወረቀት ላይ «ባህል፣ አርባ ደቂቃ» ተብሎ ተጽፏል። እንግዶቹ ደጎች ናቸው። አንዲት ሴትዮ መቃብሩ ጫፍ ላይ ወጥታ «ለሽርሽር እንዴት ይመቻል» ብላ ሳንድዊቿን እዚያው በላች።

ለባህሉ ሰርግ ልናሳያቸው አስበናልና ለሙሽራ ራስ የሚሆን ስስ ነጭ ጨርቅ ቢልኩልኝ እግርዎን ስሜ እለምናለሁ።

በአክብሮት፣ የወንድምዎ ልጅ ፌቱኡ


ሲድኒ
ኤፕሪል 2 ቀን 1986

ለወንድሜ ልጅ ለፌቱኡ፣

የአባቶቻችን አምላክ ቤታችሁን ይባርክ፣ ለአባትህም ወገብ ምሕረት ይላክ። እኔ እንዳለሁ አለሁ። እጄ በሳሙና ከመላጡ በቀር ምንም አልሆንኩም። የአረጋውያን መጦሪያው ውስጥ ሰው አጥባለሁ፣ አንሶላ እለውጣለሁ፤ ሽንት ሽንት እየሸተትኩ አውቶብስ ስሳፈር ሰው አጠገቤ አይቀመጥም። ይሄ አይቀፈኝም፤ እርጅና ነው፣ ነገ እኔም ነኝ።

የቀፈፈኝ ያንተ ደብዳቤ ነው። ምሳዬን እየበላሁ ከፍቼው ምሳዬን አስቀመጥኩት። እኛ በልጅነታችን በመቃብሩ በኩል ስናልፍ ድምፃችንን ዝቅ፣ ራሳችንን ሰበር አድርገን ነበር። አንተ ግን ዓይንህን በጨው አጥበህ፣ ሴትዮዋ በነገሥታቱ ላይ ተቀምጣ ሳንድዊች በላች ብለህ ደግነቷን ትነግረኛለህ። ፍርፋሪውን ማን ጠረገው? ደግሞ ባህል አርባ ደቂቃ። እናቴ ለአክብሮት ወገባችን ላይ የምንጠመጥመውን ሰሌን መታጠቅ ብቻ ስታስተምረኝ ከአርባ ደቂቃ በላይ ቆንጥጣኛለች።

ጨርቁን ልኬልሃለሁ። የላክሁት ሥራህን ወድጄው አይደለም፤ ሙሽሪቷን የወባ አጎበር አልብሳችሁ መሳቂያ እንዳታደርጉን ብዬ ነው። አታሳጥረው፣ አትቅደደው።

አካኔሲ ለምንድን ነው የማትጽፍልኝ? እጇ ተሰብሯል?

አክስትህ ቶአካሴ


ላፓሃ
ጁን 15 ቀን 1986

ለክብርት አክስቴ፣

በሰማይ ያለው አባት ለእጅዎ ፈውስ፣ ለዓይንዎ ብርሃን ይስጥልን። ስለ መዘግየቴ ይቅር ይበሉኝ፤ የቦዬ ቁፋሮ ነበር፣ የቤተ ክርስቲያን ጉባኤ ነበር፣ መርከብ ነበር።

ጨርቁ ደርሶ አገር ጉድ አሰኝቷል። ፍርፋሪውን እኔ ራሴ ጠርጌዋለሁ። ሰርጉ ከዳንሱም ከምግቡም በልጦ ተወዷል፤ ሽማግሌዎች ያለቅሳሉ፣ ሴቶቹ ፎቶ ሲያነሱ ይጋፋሉ። አንድ ችግር ብቻ ገጥሞን ነበር። ሙሽሪትና ሙሽራ ሆነው የሚሠሩት ጎረቤታችን ሞሴሴና ሚስቱ ነበሩ፤ እሷ ደግሞ ነፍሰ ጡር ናት፣ ሆዷ ከሳምንት ሳምንት ከቬሎው በፊት መድረስ ጀመረ። አንዱ እንግዳ «እዚህ አገር ልጁ የሚመጣው ከሰርጉ በፊት ነው እንዴ?» ብሎ አውቶብሱን በሙሉ አሳቀው። ስለዚህ አሳረፍናትና ሌላ ልጅ አገኘን። መልከ መልካም፣ ጨዋ፣ አንገቷን የምትደፋ።

አሁን የጎደለው ጫማ ነው። ነጭ፣ ጠበብ ያለ፣ ሠላሳ ሰባት ቁጥር። የግራው ግን ከጣቱ በኩል ሰፋ ቢል ጥሩ ነው። አካኔሲ ሰላም ብላዎታለች። በቅርቡ ትጽፋለች።

በአክብሮት፣ ፌቱኡ


ሲድኒ
ጁላይ 1 ቀን 1986

ለወንድሜ ልጅ ለፌቱኡ፣

የጌታ ጸጋ ከሁላችሁ ጋር ይሁን።

እኔን ማታለል አትችልም፤ አባትህም በልጅነቱ ሞክሮ አልሆነለትም። ግራ እግሯ ከጣቱ በኩል የሰፋ ሠላሳ ሰባት ቁጥር ቶንጋ ውስጥ አንድ ብቻ ነው። ስምንት ዓመቷ ላይ የባሕሩ ኮራል ድንጋይ ጣቷን ሲሰብረው ተሸክሜ የሮጥኩት እኔ ነኝ፤ አጥንቷ ጠሞ የገጠመውም እኔው እቅፍ ውስጥ ነው። ሙሽሪቷ ልጄ ናት።

እውነቱን ልንገርህ፣ እንደፈራኸው አልተቆጣሁም። እንግዶችህ እንደ አስጠሉኝ ናቸው፤ ያም ሆኖ ልጄ ነጭ ለብሳ ቆማ ሰው ሲያለቅስላት አሰብኩና ደስ አለኝ። ጫማውን ከሥራ ወጥቼ ሦስት ሱቅ ዞሬ ገዛሁት። ቆዳው እንዲለሰልስላት ግራውን እያደረግሁ ቤት ውስጥ ተራመድኩበት። ከዚህ ጋር ይደርሳችኋል።

አንድ ነገር ብቻ ቶሎ ጻፍልኝ። ሙሽራው ማን ነው? ሞሴሴ እንዳይሆን። ባለ ትዳር ነው፣ እጁም አያርፍም፤ ልጄን በሚስቱ አፍ ልታስገባት ነው።

አክስትህ ቶአካሴ


ላፓሃ
ሴፕቴምበር 21 ቀን 1986

ለክብርት አክስቴ፣

መሐሪ የሆነው አምላክ ዘመንዎን ያርዝም። ጫማው ልክክ አለ። ከእርስዎ በቀር እንዲህ ያለ ጫማ የሚገዛ የለም።

ዝናቡ ዘንድሮ በርትቶ ነው የመጣው። አንዲት አሳማ ወልዳ ግልገሎቿን ተኝታባቸው ሁለት ቀሩን። ዘማሪዎቻችን በጉባኤው ሁለተኛ ወጡ፤ አንደኛ የወጡት ዳኛው ዘመዳቸው ስለሆነ ነው። አባቴ የቤተ ክርስቲያን መጋቢነቱን ይዟል፣ ሰኞና ሐሙስ እርሻ ስለሚውል እምብዛም አንገናኝም። የድንጋዩ በር ጋ አዲስ ሽንት ቤት ሊሠሩ ነው ይባላል።

ስለ ጠየቁኝ ነገር፣ ሞሴሴ አይደለም። በርግጥ መጀመሪያ እሱ ነበር፣ ግን ሚስቱ በዚያ ሆዷ መጥበሻ ይዛ አውቶብሱ ድረስ መጣች፤ እንግዶቹ የፕሮግራሙ አካል መስሏቸው አጨበጨቡላት። አሁን ያለው ልጅ ጨዋ ነው። አካኔሲን በክፉ ዓይን አያያትም፣ ሊያያትም አይችልም። ከዚህ የበለጠ የሚታመን ሰው በደሴቲቱ ላይ ፈልጌ አላገኘሁም። እንቅልፍዎን ይተኙ።

ካሁን በኋላ ምንም ነገር መላክ አይድከሙ፤ ሁሉም ተሟልቷል። ደብዳቤ ሲጽፉ ብቻ በእኔ ስም ይሁን። አባቴ ዓይኑ ደክሟል፣ ባናስቸግረው ይሻላል።

በአክብሮት፣ ፌቱኡ


ሲድኒ
ኦክቶበር 19 ቀን 1986

ፌቱኡ፣

ሰላምታ አልጽፍልህም። ምርቃትም የለኝም፤ አፌ ቆሽሿል።

የማጥባቸው አንዲት ሴትዮ አሉ፣ ሚስዝ ሃርግሪቭ ይባላሉ። ልጃቸው በመርከብ አገር አይታ ተመለሰችና ፎቶዎቿን አልጋቸው ላይ ዘረጋችላቸው። እኔ እግራቸውን እያጠብኩ ነበር። «ነይ እዪ እንጂ ቶአካሴ፣ ያንቺ አገር ነው፣ ልጄ ሰርግ ላይ ታድማ ነበር» አሉኝ። እጄን በሽርጤ አበስኩና አየሁ። የላክሁት ጨርቅ። የላክሁት ጫማ። ልጄ። ከጎኗ ደግሞ የአባቴን ሰሌን ታጥቆ፣ ክንዱን ወገቧ ላይ ጠምጥሞ ሎሴሊ። ሌላ ፎቶ አለ፤ ከአንድ ኮኮናት ሲጠጡ። ሌላም አለ፤ ግንባሯን ሲስም። ወንድሟ።

ባልዲውን ይዤ ወጣሁና እዚያው ባልዲ ውስጥ አስመለሰኝ። ስመለስ ሴትዮዋ «እንዴት ያምራሉ! ታውቂያቸዋለሽ?» አሉኝ። አላውቃቸውም አልኩ። ከአፌ የወጣው ይሄ ነው። ልጄን አላውቃትም ብዬ የሰው እግር ማጠቤን ቀጠልኩ።

«በክፉ ዓይን አያያትም፣ ሊያያትም አይችልም» ብለህ የጻፍክልኝን ደግሜ ደጋግሜ አነበብኩት። አሁን ገባኝ። ባዕድ እጅ እንዳይነካት ብለህ ለወንድሟ ሰጠሃት። ይህን ያህል የተገለበጠ ጭንቅላት የት ነው የሚሸጠው? ነጩ ምን ያውቃል ብለሃል። ነጩ አያውቅም። ሞሴሴ ያውቃል፣ አውቶብስ ነጂው ያውቃል፣ አሳማ ጠባሾቹ ያውቃሉ፣ ዘማሪዎቹ ያውቃሉ። በእኛ ዘንድ የአክስት ልጅ የሚባል ዘመድ የለም፤ እህት ነው። ሬዲዮ አብረው የማይሰሙትን ልጆች በአደባባይ አስተቃቀፍካቸው፤ ማታ ደግሞ ሎሴሊ ደንብ አክባሪ ሆኖ ጎጆው ይገባል። ነገ አካኔሲን የሚያጭ ሰው ቢመጣ ምን ብለው ይነግሩታል? አሁን አሁን ሳስበው ያ ሰው ሊመጣም አይችልም።

የአባትህ እህት ነኝ፤ ቃሌ በቤታችሁ ላይ እንደማይመለስ ታውቃለህ። ሰርጉን ዛሬውኑ ታቆማለህ። ለአባትህ በራስህ አፍ ትነግረዋለህ። ከዚያ አንተና ሎሴሊ የተቀዳደደ ሰሌን ታጥቃችሁ፣ የይቅርታ ምልክት የሆነውን የኢፊ ቅጠል አንገታችሁ ላይ አስራችሁ፣ ልጄ ካለችበት ደጃፍ መሬት ላይ ትቀመጣላችሁ። ፀሐይም ቢሆን ዝናብም ቢሆን። እሷ ወጥታ ቅጠሉን በእጇ እስክታነሳላችሁ ድረስ ራሳችሁ ቀና እንዳይል። ከገና በፊት ደግሞ ወደ እኔ ትልካታለህ። ትኬቱን እኔ እቆርጣለሁ።

ቶአካሴ


ላፓሃ
ኖቬምበር 23 ቀን 1986

ለክብርት አክስቴ፣

ስምዎን ለመጥራት የማልበቃ የእግርዎ ትቢያ ነኝ። ጌታ ቁጣዎን ያብርድልኝ።

ቃልዎን ፈጽሜያለሁ። ለአባቴ ነገርኩት። አልመታኝም። ቢመታኝ ይሻል ነበር። መጥረቢያውን አስቀምጦ ወደ ቄሱ ሄደና መጋቢነቱን ትቶ መጣ፤ ከዚያ ወዲህ ከእኛ ጋር ማዕድ አይቀርብም፣ ምግቡን ኩሽና ለብቻው ይበላል። ሎሴሊ ገና የመጀመሪያው ሐሙስ ላይ «እጄን የት ላድርገው?» እያለ አልቅሶ እንደነበር እርስዎ እንዲያውቁት እፈልጋለሁ። የዛን ቀን እንግዶቹ ተቀምጠው ሙሽራ የለም፤ አንዴ ብቻ አልኩት። አካኔሲን እንግዳ ማሳፈር ነውር ነው አልኳት። አንዴው ቀጠለ።

ይቅርታውን የጠየቅነው ሐሙስ ዕለት ነው። እኔ እንግዳ አላዞርኩም፣ ባለ አውቶብሱ ሌላ አስጎብኚ ልኮ ነበር። ሰሌናችንን ቀዳደን ታጥቀን፣ ቅጠሉን አንገታችን ላይ አስረን፣ ራሳችንን ደፍተን ከምሳ በፊት ጀምሮ ተቀመጥን። ጉንዳን በላን። አካኔሲ በሩ ጀርባ ሆና ስታለቅስ እንሰማታለን። ልትወጣ ስትል አውቶብሱ መጣ። ቤታችን መንገድ ዳር እንደሆነ ያውቃሉ። ቆመ። ሁሉም ወረዱ።

አክስቴ፣ በጣም ጨዋዎች ነበሩ። በሹክሹክታ ነው ያወሩት። አካኔሲ ወጥታ ቅጠሉን ከእኔ አንገት፣ ከዚያ ከሎሴሊ አንገት ስታነሳ ሴቶቹ አለቀሱ፤ ከዚያ አጨበጨቡ። አንድ ሽማግሌ ግን ካሜራው ፊልም ጨርሶበት ስለነበር ቀይሮ ሲጨርስ እንድንደግምለት ለመነን። ከሩቅ አገር የመጣ ሰው ነው፣ እጁም ይንቀጠቀጣል። ስለዚህ ቅጠሉን መልሰን አሰርንና አካኔሲ አንዴ ገብታ ወጣች። የመጀመሪያው ለእግዚአብሔርና ለእርስዎ ነው። ሁለተኛው ለእንግዳ አክብሮት ብቻ ስለሆነ አይቆጠርም። አባቴ ይህን ሲያይ መስኮቱን ዘጋ።

አንድ ነገር ብቻ ላስፈቅድ። ባለ አውቶብሱ ሰርጉ መቅረቱን ሲሰማ አልተከፋም። ይሄኛው ከሰርጉ ይበልጣል፣ እውነት ይመስላል ብሏል። ሙሽሪት አያስፈልገውም፣ ማንም እህት የሆነች ሴት አይነካም፤ እኔና ሞሴሴ ቁጭ ብለን አንዲት አሮጊት ቅጠሉን ታነሳልናለች። ነውር የለበትም ብዬ አስባለሁ፣ ግን ያለ እርስዎ ቃል አልጀምርም። ከፈቀዱልኝ እዚያ ያሉ ዘመዶቻችን ያረጁ ሰሌኖች ካሏቸው ይሰብስቡልኝ። የእኛን መርከብ በመጣ ቁጥር ብንቀድ ያልቃል።

አካኔሲ ዲሴምበር አጋማሽ ላይ ትነሳለች።

በአክብሮት፣ ፌቱኡ


ሲድኒ
ጃንዋሪ 25 ቀን 1987

ለወንድሜ ልጅ ለፌቱኡ፣

ጌታ ይቅር ይበልህ። ይህን የምጽፈው ጌታ ስለሆነ ነው፤ እኔ ግን ገና ነኝ።

አልፈቅድም። ሰሌን አልሰበስብም። ይቅርታ የሚባለውን ነገር እንደ ዳንስ ብታስቆጥረው፣ እውነተኛ በደል የሠራህ ቀን ምን ታጥቀህ ነው የምትቀመጠው? ያኔ ቅጠሉን አንገትህ ላይ ያየ የመንደር ሰው ሁሉ «አውቶብሱ ስንት ሰዓት ይመጣል?» ይልሃል። ደብዳቤህን ሳነብ እንደ ፎቶው ቀን አላስመለሰኝም። ሆዴ ለምዶታል መሰለኝ፤ ይሄ ራሱ አስጠላኝ። ለአባትህ ማዕዱ ላይ ተመለስ ብላለች እህትህ በለው። በእኔ ቃል ከሆነ ይመለሳል።

አካኔሲ በሰላም ደርሳለች። ከስታለች። ሌሊት ትነሳና ፊቷን ትታጠባለች፤ ምን ሆነሽ ስላት ሞቀኝ ትላለች። ለማስለመድ ብዬ ሥራ ቦታ ይዣት ሄድኩ፣ አንሶላ ስቀይር ታግዘኛለች። ስለ ሴትዮዋ ረስቼ ነበር፤ ወይም የረሳሁ መስሎኝ ነበር። ሚስዝ ሃርግሪቭ ገና ከበሩ ሲያዩዋት ለይተዋት ክንዳቸውን ዘረጉ። «ሙሽሪቷ ናት እኮ! የኔ ቆንጆ፣ ባልሽስ እንዴት ነው?» አሏት።

አንሶላውን እንደያዝኩ ቀረሁ። አካኔሲ ፈገግ አለች። ፈገግታውን ከፎቶው አውቀዋለሁ፤ አንገቷን ትንሽ ደፋ፣ ዓይኗን ዝቅ። «ደኅና ነው፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ዓሣ ሊያጠምድ ሄዷል» አለች። በእንግሊዝኛ፣ አንድም ቃል ሳትሳሳት። ሴትዮዋ እጇን ይዘው ስለ ሰርጉ ሲያወሯት ቆዩ፣ እሷም በያለበት ታክልላቸዋለች።

በአውቶብስ ስንመለስ ቻል አድርጌ ቻል አድርጌ አቃተኝ። «እንዴት ምላስሽ ታዘዘሽ? ወንድሜ ነው አትይም ነበር?» አልኳት።

«እማዬ፣ አሮጊት ናቸው። ምን ብዬ ላሳፍራቸው?» አለችኝ። ደግሞም «አንቺስ ፎቶውን ሲያሳዩሽ ምን አልሻቸው?» አለች።

ወደ መስኮቱ ዞርኩ።

ጫማውን ይዛው መጥታለች። ለቤተ ክርስቲያን የሚሆን ሌላ የላትም፣ ለእግሯም ከእሱ የሚመች አላገኘንም። ዛሬ እሁድ አድርጋው አጠገቤ ቆማ ዘመረች። እኔ እግሯን ላለማየት መዝሙሩ እስኪያልቅ ዓይኔን ጨፍኜ ቆየሁ። ሰዉ ሁሉ የምጸልይ መስሎት ዝም አለኝ።

አክስትህ ቶአካሴ